የአንቴናው ግማሽ ጣሪያው ነው
የመኪናን የጣሪያ ላይ ሬዲዮ አንቴና በቤት ስለ መቀየርና ከሥሩ ስላለው ፊዚክስ

ባለፈው ክረምት የመኪናችን ሬዲዮ ታመመ። ከአራት ኪሎ ተነስተን ወደ መገናኛ ስንጓዝ ቀድሞ ጥርት ብለው ይሰሙ የነበሩ ጣቢያዎች ሽሽ በሚል ጫጫታ መዋጥ ጀመሩ። ዝናብ ባደረ ማግስት ይብስባቸዋል፤ ሁለት ሦስት ቀን ፀሐይ ከወጣ ደግሞ ጥቂት ይሻላቸዋል። የሕመሙ መልክ ከአየሩ ጠባይ ጋር አብሮ መለዋወጡ ራሱ ትልቅ ምልክት ነበር። እኛ ግን ምልክቱን ሳናነብ ወደ ገበያ ሮጥን።

በመጀመሪያ ሶማሌ ተራ ወርደን አዲስ የአንቴና ዘንግ ገዛን። አሮጌውን ፈትተን አዲሱን አጠበቅን፤ ለውጥ አልመጣም። ቀጥሎ «እንግዲያስ ጥፋቱ የሬዲዮው ነው» ብለን ሬዲዮውን ቀየርን፤ አሁንም ለውጥ የለም። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል እንደሚባለው፣ ሳንመረምር የጀመርነው ጥገና ገንዘባችንን ወስዶ ጫጫታውን ተወልን።

በትምህርት ክፍላችን ላቦራቶሪ ለረጅም ዓመታት ያገለገሉ አንድ ቴክኒሽያን አሉ። በሻይ ሰዓት ነገሩን ስናወጋቸው ጥቂት ዝም ብለው ቆዩና፣ «ዶክተር፣ ዘንጉንም ቀየሩት፤ ሬዲዮውንም ቀየሩት። ዘንጉ የቆመበትን ግን አይተውታል?» ሲሉ ጠየቁን።

ጥያቄው አሳፈረን። በዚያው ሳምንት ለተማሪዎቻችን ከአስተላላፊ ዝርግ በላይ የቆመ ዘንግ ሥለን፣ ከዝርጉ በታች ደግሞ በነጠብጣብ መስመር ምስሉን ሥለን፣ «ያለ ዝርጉ ይህ አንቴና ሙሉ አይደለም» ብለን አስተምረን ነበር። በእጅ የያዙት ወርቅ እንደ መዳብ ይቆጠራል ማለት ይህ ነው። በጥቁር ሰሌዳ ላይ የምናውቀውን ዝርግ በገዛ መኪናችን ጣሪያ ላይ አላወቅነውም። ይህ ጽሑፍ አንቴናውን እንዴት እንደቀየርን ይተርካል፤ ከዚያ በፊት ግን ጥፋቱ ለምን ከሥሩ እንደሚገኝ እንመለከታለን።

ሁለት ክንዶች

ስኮትላንዳዊው ጄምስ ክለርክ ማክስዌል እ.ኤ.አ. በ1865 ባሳተመው ጽሑፍ የኤሌክትሪክና የማግኔት መስኮች በሞገድ መልክ በብርሃን ፍጥነት ሊጓዙ እንደሚችሉ በስሌት አመለከተ። ከሃያ ዓመታት ያህል በኋላ ጀርመናዊው ሃይንሪሽ ኸርዝ በካርልስሩኸ ከተማ ባደረጋቸው ሙከራዎች እነዚህን ሞገዶች በላቦራቶሪው በአንድ ወገን አመንጭቶ በሌላው ወገን ተቀበላቸው። የኸርዝ ማመንጫ ሁለት ክንዶች ነበሩት። አንደኛው ክንድ አዎንታዊ ሙል ሲይዝ ሌላኛው አሉታዊ ይይዛል፤ ወዲያው ደግሞ ይለዋወጣሉ። ሙሉ በሁለቱ ክንዶች መካከል ሲመላለስ ሞገዱ ይፈልቃል።

ከዚህ የምንረዳው ዋና ነገር አንድ ክንድ ብቻውን የትም እንደማያደርስ ነው። ወደ አንደኛው ክንድ የሚገባው ሙል ከሌላኛው መምጣት አለበት። ታዲያ በመኪናችን ላይ የሚታየው አንድ ዘንግ ብቻ ሆኖ ሳለ ሁለተኛው ክንድ የት አለ?

መልሱን በተግባር ካሳዩት አንዱ ጣሊያናዊው ጉልየልሞ ማርኮኒ ነው። ማርኮኒ እ.ኤ.አ. በ1895 ባደረገው ሙከራ አንደኛውን ክንድ ወደ ላይ ከፍ አድርጎ ሌላኛውን ከምድር ጋር ሲያገናኘው፣ መልእክቱ የሚደርስበት ርቀት እጅግ ጨመረ። ምድር የጎደለውን ክንድ ተክታ ሠራች ማለት ነው። በመኪና ላይ ይህን አገልግሎት የሚሰጠው የጣሪያው ብረት ነው። መስተዋት ላይ የቆመ ሻማ ከበታቹ ሌላ ሻማ ያለ እንደሚያስመስል ሁሉ፣ በብረት ጣሪያ ላይ የቆመ ዘንግም ከጣሪያው በታች ሌላ ዘንግ ያለው ያህል ሆኖ ይሠራል። ምስሉ እንዲፈጠር ግን በዘንጉ እግር ዙሪያ የኤሌክትሪክ ፍሰት ወደ ጣሪያው ብረት ያለ ችግር መግባትና መውጣት ይኖርበታል። የመኪና ኤሌክትሪክ ሠራተኞች «ኧርዝ» የሚሉት ግንኙነት ይኸው ነው።

የዘንጉ ርዝመት

የሞገድን ርዝመት ለማወቅ የብርሃንን ፍጥነት ለጣቢያው ድግግሞሽ ማካፈል ይበቃል። በ97.1 ሜጋኸርዝ ለሚሰራጨው ኤፍ ኤም አዲስ የሞገዱ ርዝመት 3.09 ሜትር ነው፤ ሩቡ 77 ሴንቲሜትር ይሆናል። በ102.1 ሜጋኸርዝ ለሚሰራጨው ሸገር ደግሞ ሩቡ 73 ሴንቲሜትር ገደማ ነው። በጠቅላላው ከ88 እስከ 108 ሜጋኸርዝ ባለው የኤፍ ኤም ክልል የሞገዱ ሩብ ከ85 ሴንቲሜትር ጀምሮ እስከ 69 ሴንቲሜትር ይደርሳል። በድሮ መኪኖች ፓራፋንጎ ላይ ተስቦ ይወጣ የነበረው ረጅም የብረት ዘንግ ቁመቱ በዚህ ግድም መሆኑ በአጋጣሚ አይደለም። ርዝመቱ የሞገዱን ሩብ ሲያህል ዘንጉ ከሞገዱ ጋር አብሮ ይርገበገባል፤ ምልክቱም ይበረታል።

የዛሬዎቹ የጣሪያ ዘንጎች ግን ብዙዎቹ 20 ወይም 40 ሴንቲሜትር ብቻ ናቸው። አምራቾቹ ሁለት ዘዴ ይጠቀማሉ። አንደኛው በዘንጉ ውስጥ ያለውን ሽቦ እንደ ምንጭ ብረት መጠምጠም ነው፤ ይህም አጭሩ ዘንግ በሚፈለገው ድግግሞሽ እንዲርገበገብ ይረዳዋል። ሁለተኛው በአንቴናው እግር ውስጥ ትንሽ ማጉያ መትከል ነው። ማጉያው ኃይሉን ከመኪናው ባትሪ የሚያገኘው በተለየ ቀጭን ሽቦ ወይም ምልክቱን በሚያመጣው በዚያው ገመድ በኩል ነው።

ማጉያው ግን የሌለውን አይፈጥርም። ከእግሩ የደረሰውን ምልክት ሲያጎላ አብሮ የደረሰውን ጫጫታም ያጎላል። ስለዚህ ምልክቱ ማጉያው ጋ ከመድረሱ በፊት የባከነ እንደሆነ የኋላው ማጉላት አይክሰውም።

አምስት ኦም ዝገት

አሁን ወደ ነገሩ እምብርት ደርሰናል። ፊዚክስ ለእያንዳንዱ አንቴና «የጨረር ተቃውሞ» የሚባል መጠን ይሰጠዋል። ይህ መጠን ኃይልን በሙቀት መልክ የሚያባክን ሳይሆን አንቴናው ከሞገዱ ጋር ኃይል የሚለዋወጥበት አቅም መለኪያ ነው። በሰፊ የብረት ዝርግ ላይ ለቆመ የሩብ ሞገድ ዘንግ መጠኑ 36.5 ኦም ገደማ ነው። ዘንጉ ከሩብ ሞገድ በጣም ሲያጥር ግን መጠኑ በርዝመቱ ካሬ ልክ ይወርዳል። ለቀጥተኛ አጭር ዘንግ የሚያገለግለውን ቀመር ብንጠቀም፣ 20 ሴንቲሜትር ቁመት ያለው ዘንግ በ97.1 ሜጋኸርዝ የሚኖረው የጨረር ተቃውሞ 1.65 ኦም ብቻ ሆኖ እናገኘዋለን። ሽቦው ሲጠመጠም ቁጥሩ የሚለወጥ ቢሆንም የነገሩ አቅጣጫ ያው ነው።

እንግዲህ በአንቴናው እግርና በጣሪያው መካከል ዝገት ገብቶ 5 ኦም ተቃውሞ ጨመረ እንበል። በረጅሙ ዘንግ ላይ ድምሩ 41.5 ኦም ሲሆን የዝገቱ ድርሻ 12 በመቶ ብቻ ነው፤ አድማጩ ልብ ላይለው ይችላል። በአጭሩ ዘንግ ላይ ግን ድምሩ 6.65 ኦም ነው፤ ከዚህ ውስጥ የዝገቱ ድርሻ 75 በመቶ ይሆናል። ያው ዝገት ለረጅሙ ዘንግ ትንሽ ጉድለት ሲሆን ለአጭሩ ሦስት አራተኛውን ኃይል የሚነጥቅ ሌባ ነው። ዘንጎች ባጠሩ ቁጥር የእግራቸው ንጽሕና ይበልጥ የሚያስፈልገው በዚህ ምክንያት ነው።

በዚህ ላይ ሌላ ነገር ይጨመራል። በ100 ሜጋኸርዝ የኤሌክትሪክ ፍሰት በመዳብ ውስጥ የሚሄደው ከላይኛው ቆዳ ሥር 6.6 ማይክሮሜትር ገደማ በሆነ ጥልቀት ነው። ይህ ውፍረት ከሰው ፀጉር አንድ አሥረኛ ያህላል። ስለዚህ ለዓይን ቀላል የሚመስል የገጽ ዝገት ለሬዲዮ ምልክት ቀላል አይደለም፤ ምልክቱ የሚጓዝበት መንገድ ያው ገጹ ነውና።

ከመፍታት በፊት መመርመር

የቴክኒሽያኑ ጥያቄ ካስተማረን በኋላ ነገሩን እንደ ላቦራቶሪ ሥራ ከመጀመሪያው ጀመርነው። አንባቢም በዚህ ቅደም ተከተል ቢሄድ ገንዘቡን ያድናል።

አንደኛ፣ ጥፋቱ የአካባቢው እንዳይሆን ማረጋገጥ ያስፈልጋል። የኤፍ ኤም ሞገድ ከሞላ ጎደል በቀጥታ መስመር የሚጓዝ በመሆኑ ተራራ ይጋርደዋል። እንጦጦን ተሻግሮ ወደ ሱሉልታ ሲወረድ የአዲስ አበባ ጣቢያ ቢደክም አንቴናን መውቀስ አይገባም። መኪናዋን ከሌላ ደኅና መኪና አጠገብ አቁሞ አንዱን ጣቢያ በሁለቱም መስማት ከሁሉ የቀለለ ፍተሻ ነው።

ሁለተኛ፣ ጫጫታው ከመኪናው ከራሱ እንዳይሆን ሞተሩን ማጥፋት፣ የስልክ ቻርጀርንና በኋላ የተገጠሙ አምፖሎችን መንቀል ነው። ርካሽ ቻርጀሮች የሚፈጥሩት ጫጫታ ብዙ ጊዜ ከአንቴና ብልሽት ጋር ይምታታል።

ሦስተኛ፣ ሬዲዮው ክፍት እንደሆነ ዘንጉን ከእግሩ ፈትቶ ማዳመጥ ነው። ደኅና አንቴና ዘንጉ ሲወልቅ ድምፁ በግልጽ ይዳከማል። ዘንጉ ቢኖርም ባይኖርም ለውጥ ከሌለ ጥፋቱ ከዘንጉ በታች ነው። ይህ ፍተሻ አንድ ሳንቲም አያስወጣም። ቀድመን አድርገነው ቢሆን ኖሮ ሁለት ግዢ ይቀርልን ነበር።

አራተኛ፣ በመልቲሜትር መለካት ነው። በመጀመሪያ የመለኪያውን ሁለት ጫፎች እርስ በርስ አነካክቶ የሚያሳየውን ቁጥር መመዝገብና ከኋላው ልኬት መቀነስ ይገባል። ከዚያ በአንቴናው እግር የብረት ክፍልና በመኪናው ራቁት ብረት መካከል፣ ለምሳሌ በበሩ መቆለፊያ ብሎን ላይ፣ ሲለካ ከ1 ኦም በታች መገኘት አለበት። ማጉያ ያለው አንቴና ከሆነ ሬዲዮው ሲከፈት 12 ቮልት ገደማ ወደ ማጉያው መድረሱን ማየት ያሻል። ማጉያ በሌለው አንቴና ደግሞ የገመዱ መካከለኛ ሽቦ ከዘንጉ ጋር መገናኘት፣ ከውጭኛው የሽቦ ጉንጉን ጋር ግን ፈጽሞ አለመገናኘት ይኖርበታል።

በእኛ መኪና ከእግሩ እስከ ጣሪያው የተለካው 38 ኦም ሆነ። እግሩን በእጅ ጫን ስንለው ወደ 9 ይወርዳል፤ ስንለቀው ተመልሶ ይወጣል። በእጅ ሲነካ የሚለዋወጥ ቁጥር የላላ ወይም የዛገ ግንኙነት ዋነኛ መታወቂያ ነው።

ሥራው

ሥራው ግማሽ ቀን ይወስዳል። የሚያስፈልጉት ለዳዶው ልክ የሆነ ቁልፍ፣ ካቻቪቴ፣ የፕላስቲክ መፈልቀቂያ፣ ደቃቅ ብርጭቆ ወረቀት፣ መልቲሜትር፣ ጥቂት የፀረ ዝገት ቀለምና ለመኪናው ልክ የሆነ አዲስ የአንቴና እግር ናቸው።

በቅድሚያ የባትሪውን ኔጌቲቭ መፍታት ያሻል። አንዳንድ ሬዲዮዎች ባትሪ ከተፈታ በኋላ የሚስጥር ቁጥር ስለሚጠይቁ ቁጥሩ በእጅ መኖሩን አስቀድሞ ማረጋገጥ ይበጃል። ከሁሉ በላይ ማስጠንቀቅ የምንፈልገው በጣሪያው ጠርዝና በጎን ምሰሶዎች ውስጥ የመጋረጃ ኤርባግ ያላቸውን መኪኖች ነው። በእነዚህ ላይ ባትሪው ከተፈታ በኋላ የመኪናው መመሪያ የሚያዝዘውን ያህል ደቂቃ መጠበቅ፣ የኤርባጉን ሽቦዎችና ማገናኛዎች አለመንካትና የጎን ምሰሶዎቹን ልባስ ያለ ዕውቀት አለመፈልቀቅ ግዴታ ነው። ይህን የሚያጠራጥረው ሰው ሥራውን ለባለሙያ ቢሰጥ ክብሩ አይቀንስም።

አንቴናው በጣሪያው የኋላ ጫፍ ላይ ከሆነ የጣሪያውን የውስጥ ልባስ ሙሉ በሙሉ ማውረድ አያስፈልግም። የኋላ ጠርዙን የያዙትን የፕላስቲክ መቆንጠጫዎች አውልቆ እጅ እስኪገባ ድረስ ዝቅ ማድረግ ይበቃል። ልባሱ ከተጎነበሰ መሥመሩ አይጠፋምና አንድ ሰው ከታች ደግፎ ሊይዘው ይገባል። እኛም የዚህን ደጋፊነት ሥራ ለልጃችን ሰጠነው፤ እስከ መጨረሻው ሳይሰለች ያዘልን።

ከዚያ ገመዱን ከማገናኛው መንቀል፣ ዳዶውን መፍታትና እግሩን ከላይ ማንሳት ነው። አሮጌውን እግር ስናነሳ ያገኘነው የሚከተለውን ነው፦ ከሥሩ ያለው የጎማ ማሸጊያ በፀሐይ ደርቆ ተሰንጥቋል። በስንጥቁ የገባው ውኃ በቀዳዳው ዙሪያ የዝገት ቀለበት ሠርቷል። የገመዱ የመዳብ ጉንጉንም ጫፉ አረንጓዴ ሆኗል። ዝናብ ባደረ ማግስት ሬዲዮው ለምን ይታመም እንደነበር መልሱ በዚያች ጠባብ ክብ ውስጥ ተጽፎ አገኘነው። ከዚህም ሌላ ከልባሱ በላይ ያለው ስፖንጅ እርጥብ ነበር። ውኃው መንገዱን ቢቀጥል ኖሮ ወደ ጣሪያው መብራትና በምሰሶው ወደሚወርዱት ሽቦዎች ይደርስ ነበር። እኛ የሬዲዮ ሕመም ያልነው የጣሪያው ሕመም ሆኖ ተገኘ።

የጽዳቱ ሥራ የሁሉ ዋና ነው። ዝገቱን በብርጭቆ ወረቀት አጥርቶ የእግሩ ብረት በሚያርፍበት ጠባብ ቦታ ብቻ ብሩህ ብረት እስኪወጣ መፈተግ፣ ከዚያ ውጭ የተራቆተውን ክፍል ሁሉ ደግሞ በፀረ ዝገት ቀለም መሸፈን ይገባል። ቀለም ኤሌክትሪክ አያስተላልፍም፤ ራቁት ብረት ደግሞ ይዝጋል። ስለዚህ የት ማራቆት፣ የት መሸፈን እንዳለበት ለይቶ ማወቅ የዚህ ሥራ ጥበብ ነው። የብረት ብናኙን በጨርቅ ጠርጎ ማውጣትም አይዘነጋ፤ ብናኙ ራሱ ይዝጋልና።

አዲሱ እግር ከነጎማው ሲቀመጥ አቅጣጫው ወደ ኋላ መሆኑን ማረጋገጥ፣ ዳዶውን በመጀመሪያ በእጅ ቀጥሎም በቁልፍ በመጠኑ ማጥበቅ ያስፈልጋል። ከልክ በላይ ያጠበቀ ሰው ስሱን የጣሪያ ቆርቆሮ ያጎደጉዳል፤ ጎማውንም ጨፍልቆ ለውኃ በር ይከፍታል፤ ቀጥሎም የሚፈልገው ባትላሜራ ነው። «ለጥንቃቄ» ብለው በቀዳዳው ዙሪያ ሲሊኮን የሚጨምሩ አሉ፤ ሆኖም እንደ ኮምጣጤ የሚሸተው ሲሊኮን ሲደርቅ አሲድ ስለሚለቅ ብረቱን ለዝገት ይዳርገዋል። ደኅና ጎማ በንጹሕ ገጽ ላይ ካረፈ ሲሊኮን አያሻውም።

ገመዱ ተጎድቶ የሚቀየር ከሆነ የቴሌቪዥን ገመድ ቆርጦ መቀጠል ተገቢ አይደለም። የመኪና አንቴና ገመድ ኤሌክትሪክ የማጠራቀም ጠባዩ ዝቅተኛ እንዲሆን ታስቦ የሚሠራ ነው። በመካከለኛ ሞገድ፣ ለምሳሌ በ1 ሜጋኸርዝ፣ የሞገዱ ርዝመት 300 ሜትር ስለሆነ የመኪና ዘንግ ከሞገዱ አንጻር ከምንም አይቆጠርም፤ የሚይዘውን ጥቂት ምልክትም ተገቢ ያልሆነ ገመድ ተሻምቶ ይወስድበታል።

ሁሉም ከተገጠመ በኋላ ልባሱ ሳይዘጋ ሁለት ነገር መፈተሽ አለበት። አንዱ ልኬቱ ነው፤ በእኛ መኪና 38 የነበረው 0.3 ኦም ሆነ። ሁለተኛው ውኃው ነው፤ በጆግ ውኃ እየቀዱ በእግሩ ዙሪያ ማፍሰስና ከታች በደረቅ ወረቀት መጥረግ ነው። ወረቀቱ ደረቅ ሆኖ ከወጣ ልባሱ ይዘጋል። ባትሪውን መልሰን ሬዲዮውን ስንከፍት፣ በዚያች ከወራት በፊት በጫጫታ በተዋጠች መንገድ ላይ ጣቢያዎቹ ጥርት ብለው ተሰሙ። የተጠቀምነውም ሳያስፈልግ የገዛነውን ዘንግ ነው፤ አሮጌው ዘንግ እስከ ዛሬ ደኅና ሆኖ በጓዳችን ተቀምጧል።

ማጠቃለያ

አሮጌውን የዛገ እግር አልጣልነውም። ወደ ክፍል ይዘነው ገባን። ተማሪዎቻችን የምስል ዘዴውን ቀመር ያለ ስህተት ጻፉልን፤ «ዝርጉ ከዘንጉ ጋር በምን ይገናኛል?» ብለን ስንጠይቅ ግን ክፍሉ ጸጥ አለ። በእነርሱ አልፈረድንም። ከጥቂት ሳምንታት በፊት እኛም ለዚሁ ጥያቄ መልስ አልነበረንም፤ ጥያቄው ራሱ መኖሩን እንኳ አላሰብንም። በሰሌዳ ላይ ዝርጉና ዘንጉ በጠመኔ መስመር ይገናኛሉ፤ ጠመኔ ደግሞ አይዝግም።

በዚህ ምክንያት አንድ የቆርቆሮ ዝርግ፣ አንድ አጭር ዘንግ፣ አንድ አሮጌ ሬዲዮና መልቲሜትር ያለው ቀላል የላቦራቶሪ ሥራ ለማዘጋጀት ወስነናል። ተማሪው በዘንጉና በዝርጉ መካከል አንድ ጊዜ ንጹሕ ብረት፣ አንድ ጊዜ ቀለም፣ አንድ ጊዜ ዝገት እያስገባ ድምፁን ያዳምጣል፤ ተቃውሞውንም ይለካል። ወጪው ከአንድ የመማሪያ መጽሐፍ ዋጋ አይበልጥም። የሙከራውን መመሪያ እንዲያርሙልን የለመንናቸው እኒያን ቴክኒሽያን ነው። ረቂቁን አንብበው በራሱ ላይ አንድ መስመር ብቻ ጨመሩበት፦ «ከሁሉ አስቀድሞ የቆመበት ይታይ።»